ከካሜራው በስተጀርባ፦ ቤት ሠርቶ የሚያፈርሰው ሰው

 

ዛሬ የምናወራው ስለ ሥራ ነው። ሥራ ስል ግን በየመርከዝ ክሊጣው ሁልጊዜ ስማቸው ስለሚነሣው ስለ ነርስነት፣ ስለ ሾፌርነት ወይም ስለ ጥበቃ አይደለም። ስለ ፊልም ሥራ ነው። «እኛ ከፊልም ጋር ምን አገናኘን? ገና ኡልፓን እንኳ አልጨረስን!» የምትሉ እንደምትኖሩ አውቃለሁ። ትንሽ ታገሡኝ። የማወራችሁ መልካቸው በቴሌቪዥን ስለሚታየው ተዋናዮች ሳይሆን፣ መልካቸውም ስማቸውም ስለማይታወቀው ባለ እጆች ነው።

ማታ ማታ ቴሌቪዥን ፊት ቁጭ ስትሉ ፊልሙ ያልቅና ነጭ ጽሕፈት ከታች ወደ ላይ መሮጥ ይጀምራል። ያን ጊዜ አንዳችን ቡና ልናፈላ እንነሣለን፣ አንዳችን ጣቢያ እንለውጣለን። በዚያ በሚሮጠው ጽሕፈት ውስጥ ግን የአናጺው፣ የቀለም ቀቢው፣ የልስን ሠሪው፣ የንድፍ አውጪውና የዕቃ ገዢው ስም አለ። እነዚህ ሰዎች ባይኖሩ ኖሮ ተዋናዩ ባዶ አዳራሽ ውስጥ ቆሞ ብቻውን ሲያወራ ታዩት ነበር።

እስቲ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። በፊልም ውስጥ አንዲት ሴት ወጥ ቤት ገብታ ምግብ ስታበስል ብታዩ፣ ያ ወጥ ቤት የማን ነው? ብዙ ጊዜ የማንም አይደለም። ግድግዳው ከሳንቃ የተሠራ ነው፤ በስተኋላው ዞራችሁ ብታዩት ድጋፉና ምስማሩ ይታያል። ጣሪያ የለውም፤ በጣሪያው ፈንታ መብራት ተሰቅሎበታል። አራተኛው ግድግዳ ወይ ጭራሽ የለም፣ ወይ ካሜራው ቦታ ሲፈልግ ተነቅሎ እንዲወጣ ተደርጎ ተሠርቷል። በመስኮቱ የሚታየው ተራራ በትልቅ ሸራ ላይ የተሣለ ሊሆን ይችላል። ምድጃው ላይ ያለው ጥቀርሻ እንኳ ትናንት በቀለም የተቀባ ነው። ሰው ሃያ ዓመት የኖረበት የሚመስለው ቤት ከተሠራ ሁለት ሳምንት አልሞላውም፤ ፊልሙ ሲያልቅም በአንድ ቀን ይፈርሳል።

ይህን ሁሉ የሚሠራው ክፍል የአርት ክፍል ይባላል። በላዩ ላይ ዋናው ንድፍ አውጪ አለ። እሱ የፊልሙን ጽሑፍ ያነብና ሰዎቹ የት እንደሚኖሩ፣ ቤታቸው ሀብታም ነው ወይስ ደሃ፣ ግድግዳው ምን ዓይነት ቀለም እንዳለው ይወስናል፤ ይሥላል። ከእሱ ሥር ያለው ደግሞ ሥዕሉ በምን ያህል ገንዘብ፣ በስንት ቀን፣ በማን እጅ እንደሚሠራ የሚቆጣጠር ነው። ከዚያ በታች ሥዕሉን በልክ የሚያወጡ፣ ሴንቲሜትሩን የሚጽፉ ልጆች አሉ። ብዙ ሰው በዚህ ሥራ የሚጀምረው ከዚህ ቦታ ነው። ከዚያ አናጺው፣ በያጁ፣ ልስን ሠሪው፣ ቀለም ቀቢው ይመጣሉ። ቤቱ ሲቆም ደግሞ የሚያጌጠው ሰው ወንበሩን፣ መጋረጃውን፣ ግድግዳው ላይ የሚሰቀለውን ፎቶግራፍ ይመርጣል። በመጨረሻም ተዋናዩ በእጁ የሚይዘውን ማንኛውንም ነገር፣ ከማንኪያ እስከ ጎራዴ፣ የሚያቀርብና የሚጠብቅ ሰው አለ። ይህ ሰው ጭንቀቱ ብዙ ነው፤ ጠዋት ግማሽ ድረስ የነበረው የሻይ ብርጭቆ ከሰዓት በኋላ ሙሉ ሆኖ ቢታይ ተመልካቹ ይስቃልና።

ከሁሉም የሚያስደንቀኝ አዲሱን ነገር አሮጌ የማድረግ ሙያ ነው። ትናንት የተሰፋውን ልብስ በአሸዋ ወረቀት ይፍቁታል፣ አዲሱን ወረቀት በሻይ ወይም በቡና ነክረው ያደርቁታል፣ አዲሱን በር ሰው ሁልጊዜ የሚነካው ቦታ ላይ ብቻ ያጠቁሩታል። እስቲ የገዛ ቤታችሁን በር እዩት፤ የሚቆሽሸው እጀታው አጠገብ ነው እንጂ ሁሉም ቦታ አይደለም። ጥሩ ቀለም ቀቢ ይህን ያውቃል። ቡናን ከመጠጣት ሌላ ለወረቀት ማስረጃ ይጠቅማል ብሎ ማን ያስባል!

ይህን ሥራ በደንብ ለማስረዳት የአንድ ሰው ታሪክ ልንገራችሁ። ስሙ ኬን አዳም ይባላል። ሌሎች ትልልቅ ንድፍ አውጪዎችም ነበሩ፤ እኔ ግን እሱን የመረጥሁት በ13 ዓመቱ ቋንቋው የሌላ ወደ ሆነ አገር የገባ አይሁዳዊ ልጅ ስለ ነበረ ነው። ዓመቶቹን የምጠራው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ኬን አዳም የተወለደው በ1921 በጀርመን ዋና ከተማ በበርሊን ነው። ያን ጊዜ ስሙ ኬን አልነበረም፤ ክላውስ ነበር። አባቱ በከተማው የታወቀ ትልቅ የልብስ መደብር ባለቤት ነበር። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ለጀርመን አገሩ ተዋግቶ ኒሻን የተሸለመ ሰው ነው። በ1933 ሂትለር ሥልጣን ሲይዝ ግን ያ ሁሉ ክብር አላዳነውም። መደብሩ ከእጁ ወጣ። በ1934 ቤተ ሰቡ ሁሉን ትቶ ወደ እንግሊዝ አገር ሸሸ።

ልዩነቱን ልናገር። እናንተ የመጣችሁት ወደ አባቶቻችሁ ምድር ነው፤ እነሱ የሄዱት ተሰደው ወደ ሰው አገር ነው። ይሁን እንጂ በቤት ውስጥ የሆነው ነገር ብዙዎቻችሁ የምታውቁት ይመስለኛል። ትናንት በከተማው የተከበረ፣ ሠራተኛ የሚያዝ አባወራ፣ በአዲሱ አገር ማንም የማያውቀው ሰው ሆነ። አባትየው ወደ ቀድሞ ኑሮው ሳይመለስ በ1936 ሞተ። ቤቱን የያዘችው እናትየው ናት። በለንደን ሃምፕስቴድ በሚባለው ሰፈር ቤት ተከራይታ ለስደተኞች አልጋና ምግብ የሚገኝበት ማረፊያ ከፈተች። በበርሊን ሠራተኞች የነበሯት ሴት በለንደን ለሌላው ሰው ምግብ እያዘጋጀች ልጆቿን አሳደገች። ልጆቹ ደግሞ እንግሊዝኛ እየተማሩ ትምህርት ቤት ገቡ።

እንግዲህ በዚያ ሰፈርና በዚያ ማረፊያ ቤት የሚመላለሱት ሰዎች ከየአገሩ የተሰደዱ ሠዓሊዎች፣ ሙዚቀኞች፣ ፊልም ሠሪዎች ነበሩ። ልጁ ሥዕል ይወድ ነበር፤ በበርሊን ሳለም ቲያትርና ፊልም ልቡን ወስዶታል። በ1920 የተሠራ «የዶክተር ካሊጋሪ ክፍል» የሚባል የጀርመን ፊልም አለ፤ ቤቶቹ ሁሉ የተጣመሙ፣ ጥላው ራሱ በቀለም ግድግዳና ወለል ላይ የተሣለ ነው። ኬን አዳም በሥራው ላይ ትልቅ ኃይል ካሳደሩበት ነገሮች አንዱ ይህ ፊልም እንደ ሆነ እስከ እርጅናው ድረስ ይናገር ነበር።

በዚያን ጊዜ ቪንሰንት ኮርዳ የሚባል ከሃንጋሪ የመጣ አይሁዳዊ የፊልም ንድፍ አውጪ በለንደን ይሠራ ነበር። ልጁ አገኘውና የፊልም ንድፍ መሥራት እንደሚፈልግ ነገረው። ኮርዳ የመለሰለት ምክር ዛሬም ለልጆቻችን የሚጠቅም ነው፤ አስቀድመህ የሕንፃ ንድፍ ተማር አለው። ልጁም እንደ ተመከረው አደረገ። ቀን በሕንፃ ንድፍ ቢሮ እየሠራ ማታ በለንደን ባርትሌት በሚባለው የሕንፃ ትምህርት ቤት ይማር ነበር። ሕልም ብቻውን ሥራ እንደማይሆን ኮርዳ ያውቅ ነበር። ቤት እንዴት እንደሚቆም ያላወቀ ሰው የውሸት ቤትም ማቆም አይችልም።

ከዚያ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጣ። ኬን አዳም የጀርመን ዜጋ ስለ ነበረ በእንግሊዞች ዘንድ እንደ ጠላት አገር ሰው ይቆጠር ነበር። ቢሆንም መጀመሪያ በጉልበት ሥራ ጦር ውስጥ ገባ፤ ከዚያ የእንግሊዝ አየር ኃይል ተቀበለውና የጦር አውሮፕላን አብራሪ ሆነ። በጀርመን ተወልደው በእንግሊዝ አየር ኃይል ካበረሩት እጅግ ጥቂት ሰዎች አንዱ ነው፤ ወንድሙም እንደ እሱ አብራሪ ሆኗል። ቢማረክ ኖሮ ጀርመኖች እንደ ጦር ምርኮኛ ሳይሆን እንደ ከሐዲ ሊገድሉት ይችሉ ነበር። በ1944 የተባበሩት ጦሮች በፈረንሳይ ኖርማንዲ ሲያርፉ በጦርነቱ ውስጥ ነበረ።

ጦርነቱ ሲያልቅ ያ የጦር አብራሪ ወደ ፊልም ቤት የገባው በምን ማዕረግ ይመስላችኋል? በጀማሪ ንድፍ አውጪነት። በ1947 አካባቢ ነው። ቁጭ ብሎ ሌሎች ሰዎች የፈለሰፉትን በርና መስኮት በልክ ያወጣ ነበር። በ1950ዎቹ መጀመሪያ ስለ ባሕር የሚያወሩ ፊልሞች ላይ ሠራና የድሮ መርከብ ዐዋቂ ተባለ። ከነዚያ ፊልሞች አንዱ ሲሠራ ኢጣሊያ ውስጥ ኢስኪያ በምትባለው ደሴት ከባለቤቱ ከሌቲዚያ ጋር ተገናኙ፤ በ1952 ተጋቡ። በ1956 በወጣው «በ80 ቀን ዓለምን መዞር» በሚለው ፊልም ላይ በመሥራቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ለኦስካር ሽልማት ታጨ። ልብ በሉ፤ ከጀማሪነት እስከዚህ ድረስ ዘጠኝ ዓመት ያህል ፈጅቶበታል።

አንድ ትንሽ ነገር ልጨምር፤ ለእኔ ከሽልማቱ ይበልጥ የምትስበኝ እሷ ናት። ኬን አዳም ለብዙ ዓመት የሚሥለው በቀጭን እርሳስ፣ በማስመሪያ፣ በጥንቃቄ ነበር። በ1950ዎቹ መጨረሻ ግን እርሳሱን ትቶ ጫፉ ወፍራም በሆነ የቀለም ብዕር መሣል ጀመረ። በዚህ ብዕር ጥቃቅን ነገር መሣል አይቻልም፤ መሰረዝም አይቻልም። ወፍራም ጥቁር መስመር፣ ትልቅ ጥላ፣ ትልቅ ብርሃን ብቻ ነው የሚወጣው። እጁ ተፈታ። የታወቀበት ሥራ ሁሉ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

በ1962 «ዶክተር ኖ» የሚባለው የመጀመሪያው የጄምስ ቦንድ ፊልም ተሠራ። ልጆቻችሁ ጄምስ ቦንድን ያውቁታል፤ እነሱን ጠይቁ። የፊልሙ ጠቅላላ ወጪ አንድ ሚሊዮን ዶላር ያህል ነበር፤ ለእንዲህ ዓይነት ፊልም ትንሽ ገንዘብ ነው። ዲሬክተሩና ተዋናዮቹ ጃማይካ ሄደው ፊልም ሲያነሡ ኬን አዳም ለንደን አጠገብ ፓይንዉድ በሚባለው ስቱዲዮ ብቻውን ቀርቶ አዳራሾቹን ያሠራ ነበር። የሚያየውም የሚከለክለውም ሰው አልነበረም። ዲሬክተሩ ተመልሶ ሥራውን ሲያይ በጣም ወደደው።

በዚያ ፊልም ውስጥ አንድ ክፍል አለ። ገንዘቡ ሊያልቅ ሲል የተሠራ ነው። ክፍሉ ባዶ ነው ማለት ይቻላል፤ አንድ ወንበር፣ አንድ በር፣ አንድ ጠረጴዛ። ጣሪያው ላይ ትልቅ ክብ ቀዳዳ አለ፤ ቀዳዳው በብረት ፍርግርግ ተሸፍኗል፤ የፍርግርጉ ጥላ ወለሉና ግድግዳው ላይ እንደ ሸረሪት ድር ይወድቃል። የመጣው ሰው ወንበሩ ላይ ተቀምጦ የማይታይ አለቃውን ድምፅ ይሰማል። ምንም ያልተደረገ ነገር፣ ግን ሰውየው ትንኝ እንደ ሆነ ይሰማችኋል። በጣም ርካሽ የሆነው ክፍል ከፊልሙ ሁሉ ይበልጥ የሚታወስ ሆነ።

ስታንሊ ኩብሪክ የተባለው ታላቅ የአሜሪካ ዲሬክተር ይህን ፊልም አየና ኬን አዳምን አስጠራው። በ1964 የወጣው «ዶክተር ስትሬንጅላቭ» የሚባለው ፊልም ስለ አቶሚክ ጦርነት የሚያፌዝ ነው። የአሜሪካ ፕሬዚዳንትና ጄኔራሎቹ ተሰብስበው ዓለምን ስለሚያጠፋው ቦምብ የሚመክሩበት አዳራሽ ያስፈልግ ነበር። እንዲህ ያለውን አዳራሽ ያየ ሰው በፊልም ሠሪዎቹ መካከል የለም። ኬን አዳም መጀመሪያ ባለ ሁለት ደረጃ አዳራሽ ሣለ። ኩብሪክ ወደደው። ሥራው ተጀምሮ ሳምንታት ካለፉ በኋላ ኩብሪክ ሐሳቡን ለወጠ። እንግዲህ ምን ይደረጋል? ኬን አዳም እንደ ገና ሊሥል ተቀመጠ። በዚህ ሥራ ይህ ሁልጊዜ የሚሆን ነገር ነው፤ የሠሩትን መጣል የማይችል ሰው ይህን ሙያ ባይሞክረው ይሻለዋል።

ሁለተኛው ሥዕል ግድግዳዎቹ ወደ ላይ ተጋድመው የሚገናኙ፣ ሦስት ማዕዘን ቅርጽ ያለው እንደ ዋሻ የሚመስል አዳራሽ ነበር። ርዝመቱ 40 ሜትር፣ ወርዱ 30 ሜትር፣ ከፍታው 11 ሜትር ያህል ነው። ወለሉ ጥቁርና እንደ መስተዋት የሚያበራ ነው። በመካከሉ ትልቅ ክብ ጠረጴዛ አለ፤ ከጠረጴዛው በላይ እንደ ቀለበት ክብ የሆነ መብራት ተሰቅሏል፤ ሰዎቹ የሚታዩት በዚያ መብራት ብቻ ነው። አሁን የሚያስገርመውን ስሙ። ኩብሪክ ጠረጴዛው ቁማር እንደሚጫወቱበት ጠረጴዛ አረንጓዴ ጨርቅ ይልበስ አለ። ፊልሙ ግን ጥቁርና ነጭ ነው! አረንጓዴውን ማንም ተመልካች አያየውም። የሚያዩት ተዋናዮቹ ናቸው። እነሱ በዓለም ላይ ቁማር እንደሚጫወቱ እንዲሰማቸው ነው። ሬጋን በ1981 ፕሬዚዳንት ሆኖ ዋይት ሃውስ ሲገባ «ያ አዳራሽ የት ነው?» ብሎ ጠየቀ እየተባለ ይወራል። ወሬው እውነት ይሁን አይሁን፣ እንዲህ ያለ አዳራሽ በእርግጥ አለ ብሎ ያመነው ሰው ብዙ ነው።

በዚያው ዓመት በ1964 «ጎልድፊንገር» በሚባለው ፊልም የአሜሪካ መንግሥት ወርቅ የሚቀመጥበትን የፎርት ኖክስን ግምጃ ቤት ሠራ። ውስጡን እንዲያይ አልተፈቀደለትም። እውነተኛ የወርቅ ግምጃ ቤት ዝቅ ያለ፣ የማያምር ነገር ነው፤ ወርቅ በጣም ከባድ ስለ ሆነ ከፍ አድርገው አይከምሩትም። እሱ ግን ወርቁን በብረት ፍርግርግ ውስጥ እስከ ጣሪያ ድረስ ከመረው። «ሰው ወርቅ ማየት ነው የሚፈልገው» የሚል ሐሳብ ነው። ፊልሙ ከወጣ በኋላ ተመልካቾች «እንዴት ካሜራ ይዛችሁ ገባችሁ?» ብለው ጠየቁ።

ትልቁ ሥራው በ1967 «ሁለት ጊዜ ብቻ ትኖራለህ» ለሚባለው ፊልም የተሠራው የእሳተ ገሞራ ተራራ ነው። የፊልሙ ሰዎች በጃፓን አገር በሄሊኮፕተር እየዞሩ በመጽሐፉ ውስጥ ያለውን የባሕር ዳር ግንብ ፈለጉ፤ አላገኙም። በፈንታው አፋቸው የተከፈተ የእሳተ ገሞራ ተራሮች አዩና «የክፉው ሰው መደበቂያ የተራራው ሆድ ይሁን» አሉ። ኬን አዳም ሣለው። ወጪው አንድ ሚሊዮን ዶላር ያህል እንደሚሆን ተነገረ፤ አስታውሱ፣ «ዶክተር ኖ» ሙሉ ፊልሙ የጨረሰው ይህን ያህል ነበር። ተፈቀደ። ለሥራው ኃላፊ ደስታ ሳይሆን ጭንቀት የሚጀምረው ያን ጊዜ ነው። በፓይንዉድ ሜዳ ላይ እንደ አሥር ፎቅ ሕንፃ የሚረዝም የብረት ተራራ ቆመ፤ ውስጡ ሄሊኮፕተር የሚያርፍበት ሜዳ፣ ትንሽ ባቡር፣ የሚነሣ ሮኬት፣ በላዩም ሐይቅ የሚመስል የሚከፈት ጣሪያ ነበረው። ብረት ሠራተኛው፣ አናጺው፣ ልስን ሠሪው በመቶ የሚቆጠር ነበር። ፊልሙ ሲያልቅ ያ ሁሉ ፈርሶ ተወሰደ፤ ሜዳው ሜዳ ሆነ።

ሁሉም ነገር የደስታ አልነበረም። ኩብሪክ በ1975 «ባሪ ሊንደን» የሚለውን ፊልም ሲሠራ እንደ ገና ጠራው። ይህ ፊልም በሰው ሠራሽ አዳራሽ ሳይሆን በእውነተኛ የድሮ ቤቶች ውስጥ፣ አንዳንዱም በሻማ ብርሃን ብቻ የተነሣ ነው። ዲሬክተሩ ሁሉን ነገር መቶ ጊዜ የሚጠይቅ ሰው ነበር። ኬን አዳም በድካምና በጭንቀት ታመመና ሥራውን አቋርጦ መታከም ነበረበት። ይሁንና የመጀመሪያውን ኦስካር ያገኘው በዚህ ፊልም ነው፤ በ1976 ከሮይ ዎከርና ከቨርኖን ዲክሰን ጋር ተካፈለው። ሁለተኛውን በ1995 «የንጉሥ ጆርጅ እብደት» በሚለው ፊልም ከካሮሊን ስኮት ጋር ተቀበለ። ሽልማቱ ለአንድ ሰው ብቻ ያልተሰጠው ንድፉን ያወጣውና ቤቱን ያጌጠው ሰው አብረው ስለሚሸለሙ ነው። በ2003 የእንግሊዝ ንግሥት የክብር ማዕረግ ሰጠችውና ሰር ኬን አዳም ተባለ። በ2012 በሺህ የሚቆጠሩ ሥዕሎቹን ለተወለደባት ከተማ፣ ለበርሊን የፊልም ሙዚየም አስረከበ። ያቺ ከተማ በ13 ዓመቱ ያስወጣችው ከተማ ናት። በ2016 በለንደን በ95 ዓመቱ ዐረፈ።

አሁን ወደ እኛ ልመለስ። በጎንደር አካባቢ ወገኖቻችን በምን ይታወቁ እንደ ነበር ታላላቆች ታውቁታላችሁ፤ በሸክላ፣ በብረት፣ በሽመና፣ በግንበኝነት። የወለቃ እናቶች የሚሠሩትን የሸክላ ምስል የውጭ አገር ሰው ሁሉ እየገዛ ይወስድ ነበር። የጎንደር ግንቦች ሲሠሩም ወገኖቻችን በግንበኝነትና በአናጺነት እንደ ሠሩ የታሪክ ጸሐፊዎች ጽፈዋል። በምላሹ ያገኘነው ስም ግን «ቡዳ» እና «ጠይብ» የሚል ነበር። ባለ እጅ የተባለ ሰው ይናቅ ነበር። ከዚህ የተነሣ ይመስለኛል፣ አንዳንድ ወላጆች ልጃቸው በእጁ ሥራ ሲያዘነብል ልባቸው ይከፋል። «ይህን ሁሉ አገር ቈርጠን የመጣነው ልጄ እንደ ገና ጭቃና እንጨት እንዲነካ ነው?» ይላሉ። ንዴታቸው ይገባኛል። ግን በዚህ አገር ያ ሙያ ሌላ ስም አለው፤ ትምህርት ቤትም ተሠርቶለታል።

በኢየሩሳሌም በ1906 የተመሠረተ በጻልኤል የሚባል የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት አለ። ስሙን ስትሰሙ ማን ትዝ ይላችኋል? በኦሪት ዘጸአት የማደሪያውን ድንኳን የሠራው የኡሪ ልጅ ባስልኤል ነው። ወርቁን፣ ናሱን፣ እንጨቱን፣ ድንጋዩን እንዲሠራ በስሙ የተጠራ ባለ እጅ! በዚህ አገር ትልቁ የሥዕልና የንድፍ ትምህርት ቤት የተሰየመው በእሱ ነው። ልጁን ሥዕል ከመሣል የሚከለክል አባት ካለ ይህን ንገሩልኝ።

ሌላም ምክንያት አለኝ፤ እሱ ደግሞ ስለ እኛ ስለ ራሳችን ነው። የእኛ ታሪክ ፊልም መሆን ከጀመረ ቆየ። ሽሙኤል በሩ በ2008 «ዘሩባቤል» የሚለውን ፊልም ስለ ወገኖቻችን ኑሮ ሠራ። በ2019 ደግሞ ከሱዳን ወገኖቻችንን ስላወጡት ሰዎች የሚናገር ትልቅ የአሜሪካ ፊልም ወጣ። ያ ፊልም ሱዳን ውስጥ አልተነሣም፤ በናሚቢያና በደቡብ አፍሪካ ነው። እንግዲህ አንድ የአርት ክፍል ተቀምጦ የእኛን ድንኳን፣ የእኛን ማሰሮ፣ የእኛን ነጠላ ከመጽሐፍና ከፎቶግራፍ እያየ ሠርቷል ማለት ነው። ሥራው ጥሩ ነው መጥፎ ነው ለማለት አይደለም። ግን ጎጆ ውስጥ ምሰሶው የት እንደሚቆም፣ ሸክላው ምድጃ ላይ እንዴት እንደሚጣድ፣ በበረሃ ጉዞ ላይ እናት ዱቄቱን በምን እንደ ቋጠረች፣ በመርገም ጎጆ ዙሪያ ድንጋዩ እንዴት እንደሚደረደር የሚያውቀው ማን ነው? እናንተ ናችሁ። ልጃችሁ ከናንተ ካልጠየቀ፣ ነገ በአርት ክፍሉ ውስጥ ተቀምጦ «ይህ ጀበና የእኛ አይደለም» የሚል ሰው አይኖርም። ጀበናው የተሳሳተ ፊልም ደግሞ አንድ ጊዜ ከተነሣ አይታረምም፤ የልጅ ልጆቻችሁ እውነተኛው እሱ ነው ብለው ያዩታል።

አንድ ነገር ሳልደብቅ ልናገር፤ የዚህ ሥራ ደመወዝ እንደ ቢሮ ሥራ በየወሩ የሚጠበቅ አይደለም። ሰው የሚቀጠረው ለአንድ ፊልም ነው፤ ፊልሙ ሲያልቅ ሥራው ያልቃል፤ ሌላ እስኪገኝ ይጠበቃል። ፊልም የሚነሣበት ቀን ረጅም ነው፤ የአርት ክፍሉ ሰዎች ከሁሉም ቀድመው ይገባሉ፣ ከሁሉም በኋላ ይወጣሉ። የእስራኤል የፊልም ኢንዱስትሪ ከአሜሪካው ጋር ሲነጻጸር ትንሽ ነው። ነገር ግን ይህን ሙያ የሚያውቅ ሰው በፊልም ብቻ አይወሰንም፤ ቴሌቪዥን፣ ቲያትር፣ ማስታወቂያ፣ ሙዚየም፣ የትርኢት አዳራሽ ሁሉ እንዲህ ያለ እጅ ይፈልጋሉ። የኮርዳን ምክር ያስታወሰ ልጅ ደግሞ፣ አናጺነትን ወይም የሕንፃ ንድፍን በደንብ የያዘ፣ ፊልም በሌለበት ወር ቤቱ አይራብም።

እንግዲህ ልጅ ያላችሁ ወላጆች፣ በአንዳንድ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የፊልም መጋማ ወይም የሥዕል መጋማ አለ። መጋማ ማለት ልጁ ለባግሩት አጥብቆ የሚማረው ዘርፍ ነው። የወላጆች ስብሰባ ሲጠራችሁ «በዚህ ትምህርት ቤት የትኞቹ መጋማዎች አሉ?» ብላችሁ ጠይቁ፤ ዕብራይስጥ ቢቸግራችሁ አስተርጓሚ ይሰጠን በሉ፤ መልሱን ልጃችሁ ብቻ እንዲተረጉምላችሁ አትተዉ። ልጁ የሣለውንም አትጣሉ። የሥዕልና የንድፍ ትምህርት ቤቶች ለመቀበል ከሚያዩት ነገር አንዱ ተማሪው እስከዚያ ድረስ የሠራቸው ሥራዎች የተሰበሰቡበት ፋይል ነው። ስለዚህ አንድ ሰፊ የካርቶን አቃፊ ግዙ፤ ሥዕሉ ከጀርባው ቀንና ዓመት ይጻፍበት፤ እርጥበት በማይደርስበት ቦታ፣ ከአልጋ ሥርም ቢሆን ይቀመጥ። ከሸክላ ወይም ከእንጨት የሠራው ነገር ካለ ደግሞ ሳይሰበር ፎቶግራፍ አንሡለት።

ለዛሬ ያዘጋጀሁት ይህ ነው። በሚቀጥለው ጊዜ እስክንገናኝ ሰላም ቆዩን።